ዲ ሪስና «ፓራያ»

የገዛ ሕይወትን ወደ ፊልም ማምጣት ለጀማሪ አዘጋጅ ቀላሉ መንገድ ነው ይባላል። በተግባር ግን ከሁሉ የከበደው እርሱ ነው፤ የራሱን ቁስል የሚያሳይ ሰው ሕመሙ ለሌላውም በዚያው መጠን የሚሰማ ይመስለዋልና በትዕይንት መገንባቱን ይዘነጋል። አሜሪካዊቷ ዲ ሪስ እ.ኤ.አ. በ2011 «ፓራያ» የተሰኘውን የመጀመሪያ ረጅም የልብ ወለድ ፊልሟን ይዛ ብቅ ስትል ከዚህ ወጥመድ ያመለጠችበት ዘዴ ሊጤን ይገባዋል። ርእሱ ከማኅበር የተወገደ፣ ማንም የማይጠጋው ሰው ማለት ነው። ባለታሪኳ አሊኬ በኒው ዮርክ፣ ብሩክሊን፣ ከወላጆቿና ከታናሽ እኅቷ ጋር የምትኖር፣ ግጥም የምትጽፍና ሴትን የምታፈቅር የ17 ዓመት ተማሪ ናት።

ሪስ ራሷ ያደገችው በቴኔሲዋ ናሽቪል ሲሆን፣ ሴት እንደምታፈቅር ለወላጆቿ የገለጸችውም ራሷን ችላ መኖር ከጀመረች በኋላ ነው። ወላጆቿም ነገሩን በቀላሉ አልተቀበሉትም። ይህንኑ የራሷን ኀዘን ለ17 ዓመት ልጅ ማልበሷ ታላቅ የድርሰት ብልሃት ነው። ደመወዝተኛ ሴት ከእናቷ ብትቃቃር የምትገባበት የራሷ ቤት አላት፤ አሊኬ ግን የምትበላበት ገበታም፣ የምትተኛበት አልጋም የወላጆቿ ነው። ስለዚህ አንድ ቃል ከአፏ ቢያመልጥ የምታጣው ምን እንደሆነ ተመልካቹ ያለ ገለጻ ይረዳዋል።

በፊልሙ መጀመሪያ ላይ አሊኬ ሴትን የሚያፈቅሩ ሴቶች ከሚሰበሰቡበት ጭፈራ ቤት ወጥታ፣ በሌሊት አውቶቡስ ወደ ቤቷ ስትመለስ፣ ቆቧንና ሰፊውን ሸሚዟን አውልቃ ጉትቻ ታደርጋለች። በመድረክ ቢሆን ኖሮ ጸሐፌ ተውኔቱ እዚህ ላይ ቢያንስ አንድ ገጽ መነባንብ ባስገባ ነበር! ሪስ ግን ሁሉን ለልብሱና ለተዋናይቱ ለአዴፔሮ ኦዱዬ ፊት ትታዋለች። የፊልሙ ብርሃንም የሚናገረው ይህንኑ ነው፤ ልጅቱ የገባችበትን ቤት ቀለም እንደ እስስት ትለብሳለች። ካሜራውን የመራው ብራድፎርድ ያንግ በሐዋርድ ዩኒቨርስቲ በኃይሌ ገሪማ እጅ የተማረ ባለሙያ ሲሆን፣ በዚሁ ሥራው በሰንዳንስ የፊልም በዓል ተሸልሟል። ይህ ሁሉ የተሠራው በጥቂት ገንዘብ ነው፤ ፊልሙ በ2012 የተቀበለው የጆን ካሳቬቲስ ሽልማት በዚያን ጊዜ ከ500,000 ዶላር በታች ለተሠሩ ፊልሞች ብቻ ይሰጥ የነበረ ነው።

የሪስ ብስለት ይበልጥ የሚታየው በእናቲቱ በኦድሪ አሣሣል ነው። ክፉ እናት መጻፍ ቀላል ነበር። በአስቂኝ ተዋናይነቷ የምትታወቀው ኪም ዌያንስ የምትጫወታት ኦድሪ ግን ቤተ ክርስቲያኗን የምታከብር፣ ለልጇ የሴት ልብስ እየገዛች የምትለምን፣ ባሏ ፖሊሱ አርተር የሚሸሻት፣ በመሥሪያ ቤቷም ባልደረቦቿ የማያስጠጓት ብቸኛ ሴት ናት። እንግዲህ የፊልሙ ርእስ ለልጅቱ ብቻ የተሰጠ አይደለም። እጇን በልጇ ላይ የምታነሣበትም ሌሊት ተመልካቹ ይቆጣታል እንጂ አይንቃትም።

ከሁሉ የላቀው ትዕይንት ግን የአሊኬ ወዳጅ የሎራ ነው። ከናቷ ቤት ርቃ የምትኖረው ሎራ የሁለተኛ ደረጃ አቻ ፈተና ማለፏን ልታበሥር ወደ እናቷ ደጅ ትሄዳለች። በሩ ይከፈታል። ልጅቱ ደጃፉ ላይ እንደቆመች፣ በተሰበረ አንደበት፣ ያገኘችውን ሁሉ ትዘረዝራለች፤ እናት አንድም ቃል ሳትመልስ በሩን ትዘጋለች። እናቲቱ ምን አሰበች? ሪስ አትነግረንም፤ ካሜራውንም ወደ ውስጥ አታስገባውም። አንድ ሙሉ ተውኔት ሊሆን የሚችል ጉዳይ በዚህች አጭር ጊዜ ተፈጽሟል።

ጉድለት የለም ማለት አይደለም። ኦድሪ ራሷ ከልጇ ጋር ያቀራረበቻት ቢና በአንድ ሌሊት አፍቃሪ ሆና በማግሥቱ ጀርባዋን ስትሰጥ፣ ለውጡ ከገፀ ባሕርይዋ የመነጨ ሳይሆን ታሪኩ ስለፈለገው የመጣ ይመስላል። የአባትየው የውጭ ወዳጅነትም ተጠቁሞ ይቀራል።

የመጨረሻው ነቀፌታ ግጥሙን የሚመለከት ነው። መምህርቷ አሊኬን ወደ ውስጥሽ ጠልቀሽ ጻፊ ትላታለች፤ ልጅቱም ከስብራቷ በኋላ ትጽፋለች፤ በመጨረሻም ወደ ካሊፎርኒያ ለትምህርት ስትጓዝ ግጥሟ ይነበባል። ግጥሙ ለ17 ዓመት ልጅ የሚያምን ነው። ነገር ግን ከእርሱ ጥቂት ቀደም ብሎ ልጅቱ እናቷን እወድሻለሁ ስትላት፣ እናቲቱ የመለሰችው እጸልይልሻለሁ ብቻ ነበር። ያን ከሰማ ተመልካች ፊት ግጥሙ የሚጨምረው ጥቂት ነው፤ ሪስ ፊልሙን በአውቶቡሱ ድምፅ ብቻ ብትዘጋው ይሻል ነበር።