ሦስተኛው ሰሚ

በልደታ ኮንዶሚኒየም ደረጃ የሚወጣ ሰው ቤተሰብ እየሰማ ይወጣል። አንደኛ ፎቅ ላይ ቡና ይወቀጣል። ሁለተኛው ላይ ልጅ እየተነጫነጨ የቤት ሥራውን ይሠራል። ከዚያ በላይ ባልና ሚስት ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ይነጋገራሉ፤ ዝቅ ያደረጉትም የሚወጣውን ሰው ኮቴ ስለሰሙ ነው። የቤተሰብ ልብ ወለድ የሚጽፍ ደራሲ ከዚህ ደረጃ ብዙ ይማራል። ቤት ውስጥ የሚነገር ነገር ለሁለት ሰዎች ብቻ የሚነገርበት ጊዜ ጥቂት ነው። ሦስተኛ ሰሚ አለ፤ ሠራተኛዋ፣ ጎረቤቷ፣ እንቅልፍ የወሰደው የሚመስለው ልጅ፣ ከመጋረጃው ወዲያ ጋደም ያሉት አማት። ንግግሩን መልክ የሚያስይዘው ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ይኸው ሦስተኛው ነው።

በእንግሊዝኛ ቤተሰብን ዋና ጉዳያቸው ያደረጉ ልብ ወለዶች ይህን ከጥንት ጀምሮ ያውቁታል። ጄን ኦስተን እ.ኤ.አ. በ1813 «ፕራይድ ኤንድ ፕረጁዲስ»ን ስታሳትም አውሮፓ በናፖሊዮን ጦርነት ትታመስ ነበር። እሷ ግን ታሪኳን የገነባችው በአምስት እህትማማቾች፣ በወንድ ብቻ በሚወረስ ርስትና ልጆቿን ለመዳር ዕረፍት ባጣች እናት ላይ ነው። በዓመቱ የወጣው «ማንስፊልድ ፓርክ» ደግሞ ለልደታ ነዋሪ ይበልጥ ይቀርባል። ፋኒ ፕራይስ በሀብታም ዘመዶቿ ሰፊ ቤት ካደገች በኋላ ፖርትስመዝ ከተማ ወደሚገኘው የወላጆቿ ቤት ትመለሳለች። ግድግዳው ስስ ነው። በሩ እየተላተመ ይዘጋል፣ ወንድሞቿ ደረጃውን በሩጫ ይወጡታል ይወርዱታል፣ አባቷ አንዲቷን ሻማ ወደ ራሱ ስቦ ጋዜጣ ያነባል፤ ከዓመታት በኋላ የተመለሰች ልጁ አጠገቡ መኖሯ ትዝ አይለውም። ኦስተን ስለ ድህነት አልሰበከችም። የቤቱን ድምፅ አሰማች፤ አንባቢ የቀረውን ራሱ ደረሰበት።

ኦስተን ራሷ ቾተን በሚባለው መንደር ስትኖር የምትጽፈው የቤቱ ሰው ሁሉ በሚቀመጥበት ክፍል ነበር። የወንድሟ ልጅ በኋላ እንደጻፈው፣ በቤቱ ውስጥ ያለ አንድ በር ሲከፈት ሲጢጥ ይል ነበር፤ እሷ ግን እንዳይጠገን ፈለገች። ድምፁ ሰው መምጣቱን ስለሚነግራት ወረቀቷን ለመሸሸግ ጊዜ ታገኛለች። ቨርጂኒያ ዉልፍ እ.ኤ.አ. በ1929 ሴት ደራሲ የራሷ ገቢና የሚቆለፍ ክፍል ያስፈልጋታል ብላ ስትከራከር ይህችኑ በር አንስታለች። ክርክሯ እውነት ነው፤ ዛሬም ባለ አንድ መኝታ ቤት ውስጥ ልጆቿን አስተኝታ ለምትጽፍ ሴት እውነት ነው። ይሁን እንጂ የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ በዚያች በር ሌላም ነገር ያያል። ማን መጣ፣ ምን ሰማ እያለች ዕድሜዋን ሙሉ ጆሮዋን አቁማ የኖረች ሴት ናት ያን ሁሉ የተጠነቀቀ፣ ሌላ ሰው እንደሚሰማው እያወቀ የሚነገር ንግግር የጻፈችው።

ወደ እኛ ቤት ስንመጣ ሰሚው ይበዛል። በሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» የፊታውራሪ መሸሻ ቤት በአሽከርና በገረድ የተሞላ ነው። መምህሩ በዛብህና የፊታውራሪ ልጅ ሰብለ ወንጌል የሚገናኙበትን ሰዓት የሰጣቸው ትምህርቱ ነው፤ ትምህርቱን ያዘዙት ደግሞ አባቷ ናቸው። ፍቅሩ በቤቱ ፊት፣ በመጽሐፍ ሽፋን ያድጋል። በ1958 ዓ.ም. የታተመው ይህ መጽሐፍ እስከ ዛሬ በፍቅር የሚነበበው በቋንቋው ውበት ብቻ አይመስልም፤ ሐዲስ ሁለቱን ወጣቶች ብቻቸውን ለማድረግ አልቸኮሉም።

በእንግሊዝኛ የጻፉ ኢትዮጵያውያንም ይህን ቤት ይዘውት ሄደዋል። ሣህለ ሥላሴ ብርሃነ ማርያም እ.ኤ.አ. በ1969 ባሳተሙት «ዘ አፈርሳታ» የአንድ ሰው ጎጆ ይቃጠላል፤ ማን አቃጠለው የሚለው ጥያቄ የመንደሩ ሁሉ ሸንጎ ይሆናል። አቤ ጉበኛ እ.ኤ.አ. በ1975 በ«ዲፋያንስ» የጣሊያንን ወረራ በአንድ ቤተሰብ በኩል ተርከዋል። ከሁሉም ግን ስለ ቤት ለሚጽፍ ሰው ደጋግሞ መነበብ ያለበት የመዓዛ መንግሥቴ ሥራ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2010 የወጣው «ቢኒዝ ዘ ላየንስ ጌዝ» የሚነሣው ከአንድ የአዲስ አበባ ቤተሰብ ነው። ሐኪሙ ኃይሉ አለ፤ ሚስቱ ሰላም ሆስፒታል ተኝታለች። ታላቁ ልጅ ዮናስ ከሚስቱ ከሣራና ከትንሿ ልጃቸው ከትዝታ ጋር ይኖራል፤ ታናሹ ዳዊት የአብዮቱ ወጣት ነው። በመጀመሪያ የሚጣሉት እንደማንኛውም ቤተሰብ ነው፤ አባት ልጁን ከቤት እንዳይወጣ ይከለክላል፣ ወንድም ወንድሙን ይወቅሳል። ከዚያ ደርግ ይመጣል። ያን ጊዜ ሦስተኛው ሰሚ ሌላ ይሆናል። ትናንት ሰሚው ጎረቤት ነበር፤ ዛሬ ያው ጎረቤት ለማን እንደሚናገር አይታወቅም። መዓዛ ቀይ ሽብሩን በአደባባይ ሬሳም ታሳያለች፤ ሆኖም ልብ የሚሰብረው እራት ላይ ያለው ዝምታ ነው። አባትና ልጅ የሚነጋገሩትን ነገር ከግድግዳው ሲደብቁ፣ ቀስ በቀስ እርስ በርስም መደበቅ ይጀምራሉ።

በዚያው ዘመን እስር ቤት ውስጥ ሌላ የቤተሰብ ልብ ወለድ በሌላ መንገድ ይሰማ ነበር። ገጣሚና ጋዜጠኛ ነቢይ መኮንን በደርግ ታስሮ ሳለ የማርጋሬት ሚቸልን «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» በ3,000 ያህል የሲጋራ ወረቀት ላይ ወደ አማርኛ መለሰው፤ ወረቀቱ ሾልኮ ወጥቶ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ተብሎ ታተመ። የመጀመሪያዎቹ ሰሚዎች እስረኞቹ ነበሩ። ከሚስታቸው፣ ከእናታቸው፣ ከልጃቸው የተለዩ ሰዎች አንዲት ሴት የአባቷን ቤት ላለማጣት የምታደርገውን ሁሉ በጉጉት ተከተሉ። ስለ ቤተሰብ የሚጻፍ ነገር ቀላል ነገር ነው ለሚል ሰው ይህን ታሪክ መንገር ይበቃል።

መዓዛ በሁለተኛ መጽሐፏ ከዚህም ርቃ ሄደች። እ.ኤ.አ. በ2019 የታተመውና በማግሥቱ ዓመት ለቡከር ሽልማት የመጨረሻ ዕጩ የሆነው «ዘ ሻዶው ኪንግ» የማይጨውን ዘመን ጦርነት የሚተርክ ነው ይባላል። ጦርነቱ ግን የሚጀምረው በኪዳኔና በአስቴር ቤት ውስጥ ነው። ሂሩት ወላጅ አልባ ሆና በዚያ ቤት ያለች ገረድ ናት። የጠፋ የአንገት ሐብል ሲፈለግ የአባቷ ጠመንጃ ይገኝባታል፤ ጌታዋ ይወስደዋል። ሚስት ባልን፣ ባል ገረድን፣ ገረድ ሁለቱንም ታያለች። እዚያ ቤት ምግብ የምታበስል ሴትም አለች፤ መጽሐፉ ስሟን አይነግረንም፣ እሷም አትናገርም። በአብዛኛው የእንግሊዝ ልብ ወለድ ገረድ ሻይ አቅርባ ትወጣለች። መዓዛ ግን በሩን ለገረዷ ከፈተችና ታሪኩን ሰጠቻት።

ይህ ለልደታ ጸሐፊ በቀጥታ የሚነገር ትምህርት ነው። በባለ አንድ መኝታ ቤት ሠራተኛዋ የምትተኛው ሳሎን ወይም ማዕድ ቤት ነው። ከገጠር መጥታ የማታ ትምህርት የምትማር ልጅ ልትሆን ትችላለች። የደመወዝ ቀን፣ የባንክ ዕዳ፣ የአማት ስልክ፣ ማን ከማን ጋር እንዳኮረፈ፣ ሁሉንም ታውቃለች። እሷን የተወ ደራሲ የቤቱን ግማሽ ትቷል።

ቴክኒኩን ለማየት አንድ ትንሽ ትዕይንት እንውሰድ። ባል ለወንድሙ ገንዘብ ልኳል፤ ሚስት አውቃለች። ጀማሪ ጸሐፊ ሁለቱን ሳሎን ያስቀምጥና «ለምን ሳትነግረኝ ላክህ?» ያሰኛታል። እሱም «ወንድሜ ነው» ይላል። ጠቡ በሁለት መስመር አለቀ፤ አንባቢም ስለ ሁለቱ ምንም አላወቀም። አሁን ሠራተኛዋን ማዕድ ቤት፣ የባልን እናት ደግሞ ሶፋው ላይ እናስቀምጥ። ሚስት ለምን ላክህ ልትል አትችልም። ወደ ልጇ ዞር ብላ «ሂድ፣ አባትህን ዘይት አልቋል በለው» ትላለች። አባቱ ሁለት ሜትር ርቀት ላይ ነው። አያት መቁጠሪያቸውን ይዘው «ወንድም ጋሻ ነው» ብለው ለራሳቸው የሚያወሩ ይመስል ይናገራሉ። ማዕድ ቤት የሳህኑ ድምፅ ጸጥ ይላል። ገንዘብ የሚል ቃል ሳይወጣ ሁሉም ተናግሯል፣ ልጁም ነገር አመላላሽ መሆንን ተምሯል። ለልጅ እየተናገሩ ለምራት ማሰማት፣ ለድመት እየተቆጡ እንግዳን መገሠጽ በየቤቱ ያለ ጥበብ ነው፤ ይህ አሽሙር ያለ ሦስተኛ ሰሚ አይወለድም።

ስለዚህ በዚህ ሙያ የሚሠራ ሰው ከመጀመሪያው ምዕራፍ በፊት የቤቱን ንድፍ በወረቀት ላይ ቢሥል ይጠቅመዋል። የልደታው ንድፍ ደግሞ የራሱ ታሪክ አለው። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ዓመታት የቆየው ሰፈር ፈርሶ ብሎኮቹ ተተከሉ። በፊት አብዛኛው ሰው የሚኖረው በጭቃ ቤት ነበር፤ ብዙዎቹም በ1967ቱ አዋጅ ትርፍ ቤት ሲወረስ የቀበሌ ቤት የሆኑ ናቸው። ግቢው፣ ቧንቧው፣ መጸዳጃው የጋራ ነበር። አሁን ቤቱ ቁልፍ አለው፣ የራሱ መጸዳጃ አለው። የኮንዶሚኒየሙ ዕቅድ ሲወጣ ለእንጀራ መጋገሪያ፣ ለእርድና ለልብስ ማጠቢያ የሚሆን የጋራ ሕንፃ ተጨምሮለት ነበር፤ ብዙ ሴቶች ግን የኤሌክትሪክ ምጣዳቸውን በራሳቸው ማዕድ ቤት መጣድን መረጡ። ይህ ለልብ ወለድ ትልቅ ለውጥ ነው። ድሮ ወሬ የሚገናኘው ቧንቧ ጋ ነበር፤ አሁን ውኃ ሲጠፋ ጄሪካን ይዘው በሚወርዱበት ደረጃ ላይ ሆኗል።

ርስቱም ተለውጧል። የኦስተን እህትማማቾች ቤታቸውን መውረስ የማይችሉት ሴት ስለሆኑ ነበር። በአዲስ አበባ የኮንዶሚኒየም ዕጣ ደግሞ 30 በመቶው ቅድሚያ ለሴቶች ተሰጥቷል፤ ብዙ ቤት በእናት ወይም በሴት ልጅ ስም ወጥቷል። ዕጣው ሲደርስ ቅድሚያ ክፍያውን ማን አዋጣ? ካርታው በማን ስም ነው? አምስት ዓመት መሸጥ በማይቻልበት ጊዜ ትዳሩ ቢናጋስ ማን ይወጣል? ከታላቅ እህቷ ጋር በስቱዲዮ የምትኖር፣ ቅድሚያ ክፍያውን ግን ራሷ የከፈለች ታናሽ እህት ብትኖር፣ ኦስተን ከዚህች አንዲት ሁኔታ ሙሉ መጽሐፍ ታወጣ ነበር።

ለዚህ ሰፈር የቅርብ ዘመድ የሚሆን ታሪክ በውጭም አለ። ዲናው መንግሥቱ እ.ኤ.አ. በ2007 ባሳተመው የመጀመሪያ ልብ ወለዱ ዋና ገጸ ባሕርዩ ሴፋ እስጢፋኖስ ዋሽንግተን ውስጥ ትንሽ ሱቅ አለው። አጎቱ የሚኖረው ሲልቨር ስፕሪንግ በሚገኝ ሐበሻ በሞላው ረጅም አፓርትመንት ውስጥ ነው። አገር የለቀቁ ሰዎች በኮሪደር ጎረቤታም ሆነው፣ በአሳንሰር ወሬ ሲለዋወጡ የልደታ አንባቢ ሰፈሩን ያገኘዋል። አይዳ እደማርያም ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2018 «ዘ ዋይፍስ ቴል» ብላ የጎንደሯን አያቷን የየተመኙን ሕይወት ጽፋለች። ልብ ወለድ አይደለም፤ ሆኖም በስምንት ዓመቷ ለቄስ የተዳረችን ልጅ ቤት በምግቡ፣ በጾሙና በወራቱ አደራጅታ ስትተርክ፣ የአንድ ቤት ዓመት ራሱ ታሪክ መሸከም እንደሚችል አሳይታለች።

ልደታም የራሷ ወር አላት። ግንቦት 1፣ የሰፈሩ መጠሪያ በሆነችው በዓል፣ ንፍሮ ከቤት ውጭ ተቀቅሎ ከጎረቤት ጋር ይበላል። ደጅ በሌለው ፎቅ ላይ የሚኖር ቤተሰብ ለዚህ መውረድ አለበት። ዓመቱን ሙሉ በደረጃ ድምፅ ብቻ የሚተዋወቁ ሰዎች ፊት ለፊት ይቀመጣሉ፤ አንዷ የሌላዋን ጠብ በግድግዳ ሰምታለች፣ ሌላዋም መሰማቷን ታውቃለች። ሁለቱ ስለ ባቄላው አበሳሰል ሲጫወቱ የሚጽፍ ሰው እጁ ላይ ምን ያህል ሀብት እንዳለ ያስተውል።

ከዚህ የሚከብደው ለቅሶ ነው። ሳሎኑ ለቀስተኛውን ሁሉ አይችልም። የእድር ድንኳን በብሎኮቹ መካከል ይተከላል፣ ወንበር ይደረደራል፣ ባልዋ የሞተባት ሴት ከፎቅ ትወርዳለች። ወንድሟ ከክፍለ ሀገር ደርሷል፤ ቤቱ በማን ስም እንደሆነ ዛሬውኑ ማወቅ ይፈልጋል፣ የሟች ወገኖችም ከሁለት ወንበር ወዲያ ተቀምጠዋል። ደራሲው ንግግር ከመጻፉ በፊት የሚወስነው አለ፦ ወንድሟ የሚጠይቃት ድንኳኑ ውስጥ ነው፣ ደረጃው ላይ ነው ወይስ ሠራተኛዋ ቡና በምታፈላበት ማዕድ ቤት? ሦስቱ ቦታዎች ሦስት የተለያዩ መልሶች ያስመልሷታል።