ስለ አቶ ወጋየሁ ንጋቱ ንባብ

የቴአትር ተጫዋች ሥራ ቶሎ ይጠፋል። ደራሲ መጽሐፉን፥ ሠዓሊ ሥዕሉን ትቶ ሲያልፍ፥ ተጫዋች ግን መጋረጃው በተዘጋ ጊዜ የሠራውን ሁሉ ይዞት ይሄዳል። በ1982 ዓ.ም. ያረፉት አቶ ወጋየሁ ንጋቱ ሀንጋሪ ድረስ ሄደው የቴአትርን ትምህርት ተምረው፥ በአዲስ አበባ መድረክ የፀጋዬ ገብረ መድኅንን ድርሰቶች ከተጫወቱት ስመ ጥሩዎች አንዱ ነበሩ፤ የቆሙትን አቋቋምና የተራመዱትን እርምጃ ግን ዛሬ የሚመሰክረው በዐይኑ ያየ ሰው ነው። የሙያ ባልንጀራቸው አቶ ደበበ እሸቱ በፈረንጅ አቈጣጠር በ1973 በወጣው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» በተባለው የአሜሪካ ፊልም ስለ ተጫወቱ፥ መልካቸው በዚያ ውስጥ ተቀምጧል። ከአቶ ወጋየሁ ሥራ ከሁሉ ይልቅ የቀረልን ድምፃቸው ነው።

ይኸውም ክቡር ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙትን «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በደርግ ዘመን በኢትዮጵያ ሬዲዮ በተከታታይ እያነበቡ ያሰሙበት ነው። ብዙ ሰው ይህን ንባብ ሲያመሰግን «ድምፁ ያማረ ነው» ብሎ ይተወዋል። እኔ ግን ምስጋናው አንሷል፥ ነቀፋውም ጨርሶ ቀርቷል እላለሁ፤ ምክንያቱን አንባብያን በትዕግሥት ይስሙኝ።

ፊደላችን ብዙ ነገር ይሰውራል። «አለ» ተብሎ የተጻፈውን ቃል አላልተው ቢያነቡት ተናገረ ማለት ነው፤ አጥብቀው ቢያነቡት ተገኘ ማለት ነው፤ በወረቀቱ ላይ ግን ምልክት የለበትም። በንባብ ቤት ተነሽና ወዳቂ፥ ሰያፍና ተጣይ እያሉ ሕፃኑን የሚያስጨንቁት ያለ ምክንያት አይደለም፤ የሚያነብ ሰው የጽሑፉን እኩሌታ እንደ ገና ይጽፈዋልና። የአቶ ወጋየሁ ንባብ በዚህ ሥርዓት ቢመዘን አይጎድልም። ለፊታውራሪ መሸሻ፥ ለሰብለ ወንጌል፥ ለባላገሩም ለየብቻ ድምፅ ሰጥተው፥ ተራኪውን ከሁሉ ለይተው በመካከል አቁመውታል።

ከአዲስ ቅዳም ተነሥቶ በእንጅባራና በቡሬ አድርጎ ወደ ደብረ ማርቆስ የሚሄድ መንገደኛ የበዛብህን አገር ማንኩሳን ያልፋል፤ ስለዚህ ይህ ታሪክ ለእኛ የሩቅ ወሬ አይደለም። እኔ የቅኔ ተማሪ ሳለሁ፥ በገበያው አጠገብ ከአንድ ሱቅ ደጃፍ ሬዲዮው ሲያነብ አፋቸውን በአገውኛ የፈቱ ባላገሮች ሳይቀሩ አህዮቻቸውን ይዘው ቆመው ይሰሙ ነበር። አንድ አረጋዊ የኔታ ከመካከላችን ቆመው «ይህ ልጅ ማን ዘንድ ነው የተማረ?» ብለው ጠየቁኝ። የቴአትር ተጫዋች መሆናቸውን ብነግራቸው ዝም አሉ፤ ዮሐንስ አፈ ወርቅ ስለ ቴአትር የገሠጸውን ተግሣጽ ያውቁ ነበርና። ነገር ግን ከደጃፉ አልሄዱም።

ለማንበብ ከሁሉ የሚከብደው ጉዱ ካሣ ነው። አገሩ እብድ የሚለው፥ ነገሩ ግን ሰም የለበሰ ወርቅ የሆነ ሰው ነው። እብደቱን አብዝቶ የሚያነብ ሰሙን ብቻ ያሳያል፤ ጥበቡን አብዝቶ የሚያነብ ደግሞ «እንዲህ ያለውን ሊቅ አገሩ ስለ ምን እብድ አለው?» ያሰኛል። አቶ ወጋየሁ ሁለቱን አብረው ይዘዋቸው ሄዱ፤ ለማሳቅ አይቸኩሉም፥ ለመስበክም አይቆሙም። ኅብር ያለበትን ቅኔ የሚዘርፍ ተማሪ አንዱን ፍች በድምፁ ለይቶ ቢገልጥ መምህሩ ይቈጣዋል፤ ሰሙና ወርቁ በአንድ ቃል አብረው ሊደርሱ ይገባልና። ይህን ያህል የረቀቀ ነገር ከሬዲዮ እሰማለሁ ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር።

ነቀፋዬ በበዛብህ ሞት ላይ ነው። ለጆሮዬ ንባቡ እዚያ ላይ ወደ ልቅሶ አብዝቶ ያደላል። ያ ክፍል እንባ ብቻ አይደለም ያለበት፥ ጥያቄም አለበት። የሚሞተው ወላጆቹ ለቤተ ክርስቲያን የተሳሉት ልጅ ነው፤ ሴት ወድዶ ወጥቶ በእርሷ ፊት ይሞታል። ስእለቱ የማን ነው? የተሳለው ወላጅ ነው ወይስ ሳይጠየቅ የተሰጠው ልጅ? እኛ ካህናት ይህን ነገር በዋዛ ልናልፈው አይገባንም፤ ልጁን ተስሎ የሚያመጣ ወላጅ እስከ ዛሬ ይመጣብናልና። መጽሐፉን በዝምታ የሚያነብ ሰው እዚህ ላይ ጣቱን አኑሮ ያስባል፥ ተመልሶም ያነባል። የሚሰማው ግን እንባው ሳይደርቅ ድምፁ ጥሎት ይሄዳል።

ሌላም አለ፤ ጥፋቱ ግን የእሳቸው አይደለም። በእንግሊዝ አገር ጆን ጊልጉድ የተባሉት የመድረክና የፊልም ተጫዋች፥ ያለ ቴአትር ልብስና ያለ ጓደኛ ብቻቸውን ቆመው የሼክስፒርን ቃል በማሰማት የታወቁ ነበሩ። ሆኖም ሐምሌትን ከእርሳቸው በፊትም ከእርሳቸው በኋላም ብዙዎች ስለ ተጫወቱት፥ ሰሚው ድምፅን ከድምፅ ያመዛዝናል። በቅኔም ቢሆን የዋሸራ፥ የጎንጅና የዋድላ ቤቶች ጎን ለጎን ይኖራሉ፤ አንዱ ሌላውን አያጠፋውም። «ፍቅር እስከ መቃብር»ን ከአቶ ወጋየሁ በኋላ አነባለሁ ብሎ የሚነሣ ሰው ግን ሕዝቡ እንደ ደፋር ይቈጥረዋል።

እኔም ይህን ከመጻፌ በፊት መጽሐፉን ገልጬ የካሣን ንግግር በራሴ ድምፅ ላነብ ሞከርሁ። ሦስት ገጽ ያህል ሄድሁ፤ በአራተኛው ላይ የእሳቸው ድምፅ መጣ።