የአንድምታ ምንጭና የቄስ ሮጀር ካውሊ መጽሐፍ

ስለ መጽሐፍ ቅዱስ ታሪክና ትርጓሜ በውጭ አገር የሚታተሙ መጻሕፍት የእስክንድርያንና የአንጾኪያን ትምህርት ቤቶች በሰፊው ሲያትቱ፥ የኢትዮጵያን ጉባኤ ቤት ብዙውን ጊዜ በግርጌ ማስታወሻ ያልፉታል። ይህን ልማድ ከሰበሩት ሰዎች አንዱ እንግሊዛዊው ቄስ ሮጀር ካውሊ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1983 የዮሐንስ ራእይን አንድምታ ተርጕመው ከነጥናቱ በካምብሪጅ አሳተሙ፤ በ1988 ደግሞ ስለ ኢትዮጵያ የመጽሐፍ ቅዱስ አተረጓጐም በጠቅላላው የሚናገረውን ሁለተኛ መጽሐፋቸውን አወጡ። እዚህ የምንመረምረው ይህንኑ ሁለተኛውን ነው።

የመጽሐፉ ፍሬ ነገር እንዲህ ነው። በጎንደር ዘመን በአማርኛ የተደላደለው አንድምታ በአንድ ዘመንና በአንድ አገር ብቻ የተፈለሰፈ አይደለም፤ ከእርሱ በፊት በግዕዝ፥ ከግዕዙም በፊት በዐረብኛና በሱርስት የተጻፉ ትርጓሜዎችን ይከተላል። መንፈሱም ምሳሌን ከሚያስቀድመው ከእስክንድርያ ይልቅ ታሪክንና የቃሉን ግልጽ ፍቺ ወደሚያስቀድመው ወደ አንጾኪያ ያዘነብላል። ከምስክሮቹ አንዱ በባግዳድ ኖሮ እ.ኤ.አ. በ1043 የሞተው ቄስና ሐኪም ኢብን አጥጣይብ ነው፤ ጽሑፉ ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ ተመልሶ በእኛ ሊቃውንት እጅ ገብቷል። ይህ ሰው ግን የምሥራቅ ቤተ ክርስቲያን ልጅ፥ በእኛ አጠራር ንስጥሮሳዊ ነበር።

አንባቢ እዚህ ላይ ቢደነግጥ አንፈርድበትም። ንስጥሮስን እ.ኤ.አ. በ431 በኤፌሶን ያወገዘውን ጉባኤ የምትቀበል፥ በሊቃውንት ጉባኤም ቄርሎስን የምታስተምር ቤተ ክርስቲያን፥ የባላጋራን መጽሐፍ እንዴት ታነብባለች? ነገሩ ደግሞ በዚህ አያበቃም። ከመጻሕፍተ መነኮሳት ማር ይስሐቅ በሰባተኛው መቶ ዓመት የነነዌ ጳጳስ የነበረው ነው፤ አረጋዊ መንፈሳዊ የምንለው የዳልያታው ዮሐንስ ነው፤ ፊልክስዩስም በስሙ ለመቡጉ ፊልክስዩስ ይሰጥ እንጂ፥ ከሱርስቱ ጋር ሲመሳከር የቀጠሩ ዳዲሾዕ ድርሰት ሆኖ ተገኝቷል። ሦስቱም የምሥራቅ ቤተ ክርስቲያን ሰዎች ናቸው፤ ሦስቱንም የእኛ መነኮሳት ሲያነቡአቸው ኖረዋል።

ይህ ጉዳይ በተማሪዎች መካከል ሲነሣ ሁለት ዐይነት መልስ እንሰማለን። አንደኛው ወገን የብሉይ ትርጓሜ ከቀዳማዊ ምኒልክ ጋር ከኢየሩሳሌም መጥቷል የሚለውን የመምህራን ትረካ ይዞ ሌላውን ሁሉ ይክዳል። ሁለተኛው ደግሞ፥ እንግዲያስ የራሳችን የምንለው የለንም፥ ሁሉም የሰው ነው ብሎ እጁን ያጥፋል። ሁለቱም ቸኩለዋል። ከቡልጋሪያ ተነሥቶ ወደ ቂርቆስ ቤተ ክርስቲያን የሚሄድ ሰው የሰፈሩን ስም ያስብ፤ ሕፃኑ ቂርቆስ ከእናቱ ከኢየሉጣ ጋር በጠርሴስ ሰማዕት የሆነ፥ ገድሉም በትርጕም የደረሰን ነው፤ ጥር 15 ቀን በዓሉን የሚያከብር ምእመን ግን እንግዳ ቅዱስ አያደርገውም። (ቡልጋሪያም ቢሆን ስሙ ከሩቅ የመጣ ነው፤ ካዛንችስንማ ተዉት።)

ካውሊን የምንነቅፈውም በዚሁ በኩል ነው። ምንጭን ከምንጭ በማያያዝ ወደር የላቸውም፤ ነገር ግን የመጽሐፉ ክብደት በተወረሰው ላይ አርፎ፥ በተጣለው ላይ ሳስቷል። ለምሳሌ የአንጾኪያው ትምህርት ራስ የሆነው ቴዎዶር፥ የጌታን ረኃብና ድካም ለሰውነቱ፥ ተአምራቱን ለመለኮቱ እየለየ ይሰጣል። ተዋሕዶን የሚያስተምር መምህር ይህን ክፍፍል አይቀበልም፤ ደካሚውም ተአምር አድራጊውም አንዱ ሥጋ የለበሰ ቃል ነው ይላል። እንግዲህ ታሪኩንና የቃሉን ፍቺ ወስዶ ሃይማኖቱን የመለሰ አንድ አእምሮ በመካከል አለ። ያ አእምሮ መቼና በማን እጅ እንደ ሠራ ማወቅ ከምንጩ ስም ይበልጥብናል። የአንጾኪያ መንገድ ሁሉ በንስጥሮሳውያን ቤት ያልፋል ማለትም አይቻልም፤ በሊቃውንት ጉባኤ የሚተረጐመው ዮሐንስ አፈወርቅ ራሱ ከቴዎዶር ጋር በአንጾኪያ የተማረ ነው።

ደግሞም አንድምታ ቅጂ ብቻ ቢሆን ኖሮ ላይ ቤትና ታች ቤት ባልተለያዩ ነበር። በመምህር ኤስድሮስ ስም የሚነገረው የታች ቤት መነሣት፥ የጎንደር ሊቃውንት የተቀበሉትን እንደ ገና ሲፈትሹ እንደ ነበር ያሳያል። «አንድም» የምትለዋ ቃል ራስዋ የቀድሞውን ፍቺ ሳትሽር አዲሱን ከጎኑ ታስቀምጣለች፤ ተማሪም የትኛው ከማን እንደ መጣ ሳይነገረው ሁሉንም በቃሉ ይዞ ያድጋል። የምንጮቹ ስም የጠፋው በተንኮል ሳይሆን በዚህ ዐይነት ይመስለናል።

መጽሐፉ በእንግሊዝኛ መሆኑ መምህራኑን ከክርክሩ ውጭ አስቀርቷቸዋል፤ በአማርኛ ቢመለስ መልስ የሚሰጡበት ብዙ ነገር አለ። እስከዚያው ግን ከዮሐንስ ወንጌል አንዱን ምዕራፍ ብቻ ወስዶ፥ የኢብን አጥጣይብን ዐረብኛ ከአማርኛው አንድምታ ጎን በመስመር በመስመር ማስቀመጥ ለአንድ ተማሪ የዓመት ጥናት ይበቃል። ግዕዝ የሚያውቅ በመካከላችን አይጠፋም፤ የሚቸግረው ዐረብኛውን የሚያነብ ጓደኛ ማግኘቱ ነው።