ጦርነትን ያለ ፊልም መተረክ፦ የኤ.ጄ.ፒ. ቴይለር የቴሌቪዥን ንግግሮች

የጦርነት ታሪክ በቴሌቪዥን ሲነሳ ምስጋናው ሁሉ ለፊልም ክምችት ነው። የቢቢሲው «ታላቁ ጦርነት» (እ.ኤ.አ. 1964) እና የቴምዝ ቴሌቪዥኑ «ዓለም በጦርነት» (1973–74)፣ ሁለቱም በ26 ክፍል የቀረቡ፣ ዛሬም የዘርፉ መለኪያ ናቸው። እንግሊዛዊው የታሪክ ምሁር ቴይለር ግን አንደበተ ርቱዕ ነበር ተብሎ ይታለፋል። ይህ ፍርደ ገምድልነት ነው።

ቴይለር በ1957 በኤቲቪ ስለ ሩሲያ አብዮት ሲናገርም ሆነ በ1977 በቢቢሲ «ጦርነቶች እንዴት ይጀመራሉ» የሚለውን ሲያቀርብ ዘዴው አልተለወጠም። ማስታወሻ ሳይዝ ካሜራው ፊት ይቆማል፤ ግማሽ ሰዓት ያህል ያለ ፊልም ይናገራል፤ ሰዓቱ ሲሞላ ሐሳቡም ይቋጫል።

የዘዴው ትልቁ ጥቅም ተመልካቹ የሚሰማው የአንድ ሰው ክርክር መሆኑን አለመዘንጋቱ ነው። ፊልም ግን ምስክር መስሎ ይቀርባል። «ታላቁ ጦርነት» ለካሜራ የተቀነባበሩ ትዕይንቶችን ከእውነተኛ የግንባር ቀረጻ ሳይለይ በማሳየቱ የኢምፔሪያል ዋር ሙዚየም ዳይሬክተር ኖብል ፍራንክላንድ ተቃውሞ አሰምቷል። በ1916ቱ የሶም ውጊያ ፊልም ወታደሮች ከምሽግ ሲወጡ ተመትተው የሚወድቁበት ዝነኛ ትዕይንት የተቀረጸው ከግንባር ኋላ ነው። እንዲህ ያለው ምስል ሲያሳስት ኃላፊነቱን የሚወስድ ሰው በስክሪኑ ላይ የለም።

የቴይለር ድፍረት በ1976ቱ ተከታታዩ «የጦር አበጋዞች» ጎልቶ ይታያል። ሙሶሊኒን፣ ሂትለርን፣ ቸርችልን፣ ስታሊንን፣ ሩዝቬልትን አንድ በአንድ ካነሳ በኋላ ጃፓን ላይ ሲደርስ በስም የሚጠራ አበጋዝ አላገኘም። ስለዚህ ክፍሉን «ስም የለሽ አበጋዞች» ብሎ፣ ጦርነቱን የመሩት አበጋዞች ናቸው የሚለውን የተከታታዩን መነሻ በራሱ አንደበት አፈረሰው።

ትልቁ ድክመቱ አባባል ወዳድነቱ ነው። በ1914 የጀመረውን የአንደኛውን የዓለም ጦርነት ያመጣው ሠራዊት የሚያጓጉዘው የባቡር የጊዜ ሰሌዳ ነው የሚለው መከራከሪያው ጆሮ ይገባል፤ ሲመረመር ግን ይላላል። እ.ኤ.አ. ነሐሴ 1 ቀን 1914 የጀርመኑ ቄሣር ዊልሄልም ሠራዊቱ ወደ ምሥራቅ እንዲዞር ሲጠይቅ ኤታማዦር ሹሙ ሞልትከ አይቻልም አለ። የጦር ባቡር ኃላፊው ጄኔራል ፎን ሽታብስ ግን በ1925 ባሳተመው መጽሐፍ ይቻል እንደነበር ተከራክሯል። ሰሌዳውን ያወጡት ሰዎች ናቸው፤ ቴይለር ግን የጄኔራሎቹን ማመካኛ ሕግ አደረገው።

ያም ሆኖ ስሕተቱ በስሙ የተመዘገበ ነው። ተነሥተን ልንሞግተው እንችላለን፤ ከሙዚቃና ከጭስ ጋር ግን ማን ይሟገታል? የጦርነት ታሪክ የሚያዘጋጁ ጣቢያዎች ለምስል የሚመድቡትን ያህል ባይሆን እንኳ፣ ጉዳዩን ለሚያውቅ አንድ ሰው ያልተቆራረጠ ግማሽ ሰዓት ይስጡ።