«ዝራክ» እና የዛር ፈረስ
(ስለ ፈጠራ ቋንቋ ጥቂት ሒስ)

በተማሪው መካከል ከእጅ ወደ እጅ የሚዘዋወሩት ልብ ወለዶች ከቅርብ ጊዜ ወዲህ አገር ለቀው መሄድ አብዝተዋል። ደራሲው በካርታ ላይ የሌለ መንግሥት ያቆማል፤ ሁለት ፀሐይ ይሰቅልበታል፤ ሕዝብ ያሰፍርበታል። እስከዚህ ማለፊያ ነው። ችግሩ ሕዝቡ አፉን ሲከፍት ይጀምራል። «ዝራክ ሞልቶን ቬር!» ይላል ንጉሡ፤ ከግርጌው «እንደምን ዋላችሁ» ማለት ነው ተብሎ ይተረጎምልናል። (ቃሉን የፈጠርኩት እኔ ነኝ፤ የማንንም ድርሰት ላለመንካት ብዬ። ባለቤቶቹ ግን ራሳቸውን አያጡትም።)

እስቲ እንጠይቅ። ሁለት ፀሐይ ባለበት አገር «መዋል» ምን ማለት ነው? አንዷ ስትጠልቅ ሌላዋ የምትወጣ ከሆነ መቼ ነው የሚመሸው? ደራሲው ይህን አላሰበበትም። ያደረገው ነገር ቢኖር የእኛኑ ሰላምታ ወስዶ ጭንብል ማጥለቅ ነው። ጭንብሉን ብናወልቀው ከሥሩ ያው የሰፈራችን አማርኛ ቁጭ ብሏል።

ይህን ስንል «ቶልኪንስ?» የሚል አይጠፋም። ቶልኪን እኮ የኦክስፎርድ የቋንቋ መምህር ነበር! ክዌንያ የተባለውን የኤልፎች ቋንቋ መቀመር የጀመረው በ1915 እ.ኤ.አ. ገደማ ነው፤ «የቀለበቶቹ ጌታ» የታተመው ግን በ1954 እና በ1955 እ.ኤ.አ. ነው። በመካከሉ አርባ ዓመት አለ። እሱ ራሱ እንደሚለው ቋንቋው ተረቱን ለማስጌጥ አልመጣም፤ ተረቱ ነው ለቋንቋው ዓለም እንዲሆን የተጻፈው። ይህ በአንድ ሴሚስተር ዕረፍት የሚሠራ ሥራ አይደለም።

ደግሞስ ለምን ኦክስፎርድ ድረስ? ከደጀን ተነስቶ በቢቸናና በደብረ ወርቅ በኩል ወደ ሞጣ የሚወጣውን መንገድ የያዘ ሰው የማይታይ ዓለም ቋንቋ በሁለት ዓይነት ያገኛል። አንደኛው በደብተራው ብዕር ያለው ነው፤ አስማት የምንለው። ሳዶር፣ አላዶር፣ ዳናት፣ አዴራ፣ ሮዳስ፦ የአምስቱ ቅንዋተ መስቀል ስሞች ናቸው። ምንጫቸው ላቲን ነው፤ «ሳቶር፣ አሬፖ፣ ቴኔት፣ ኦፔራ፣ ሮታስ» ከሚለውና በ79 እ.ኤ.አ. በእሳተ ገሞራ በተቀበረችው በፖምፔ ግድግዳ ላይ ሳይቀር ተጽፎ ከተገኘው። በዚያ ቋንቋ ዘሪ፣ ሥራ፣ መንኰራኵር የሚል ትርጉም ነበራቸው። ትርጉሙ መንገድ ላይ ወደቀ፤ ድምፁ ብቻ ተሻግሮ ኃይል ሆነ። የእኛ ደራሲዎችም የያዙት ይህንኑ መንገድ ይመስለኛል፤ ያልገባን ነገር ይከብደናል ብለው። ነገር ግን ደብተራው ከእነዚያ ከማይፈቱ ስሞች መካከል የበሽተኛዋን የክርስትና ስም ያስገባል። ክታቡ የሚታሰርላት ሰው አለች። የ«ዝራክ» ባለቤት ማን ነው?

ሁለተኛው ዛር ነው፤ እዚህ ላይ ቆም ማለት ይገባል። በአፈ ታሪኩ ሔዋን ሠላሳ ልጆች ነበሯት። ፈጣሪ ሊያያቸው ሲመጣ ዓይን ፈርታ ያማሩትን አሥራ አምስቱን ደበቀች፤ እነዚያም እንደተደበቁ ቀሩ። ዛሮች እነሱ ናቸው። እንግዲህ ከሌላ ኮከብ የመጡ ሳይሆኑ ቂም የያዙ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ናቸው ማለት ነው። ጌታና አሽከር፣ ክርስቲያንና እስላም፣ ወንድና ሴት አላቸው። ሲወርዱ ማንነታቸውን በፉከራ ያስታውቃሉ። የወረዱበትንስ ሰው ምን ብለው ይጠሩታል? ፈረስ!

በቃ። አንድም እንግዳ ድምፅ የለበትም፤ የሞጣ ገበሬ በየቀኑ የሚለው ቃል ነው። ዓለሙ ግን በዚያች በአንዲት ቃል ተገለበጠ፤ ጌታው ሌላ ሆነ፤ ሰው የሚጋለብ ሆነ። ዎልፍ ሌስላው የዛር ሰዎችን የምስጢር ንግግር በ1949 እ.ኤ.አ. ጽፎ አሳትሟል፤ የአዝማሪዎቹንም እንዲሁ አጥንቷል። ሰዋስዉ ያው አማርኛ ነው፤ የተለወጠው ቃሉ ነው። ማለትም ባለ ዛሮቹ ቋንቋ ከባዶ አልፈጠሩም፤ ያለውን አዙረው ተናገሩበት።

ለምን አዞሩት? ሚሼል ሌሪስ የተባለው ፈረንሳዊ በ1932 እ.ኤ.አ. ጎንደር ላይ ከአባ ጀሮም ጋር ሆኖ የመልካም አያሁን የዛር ቤት ለወራት ተከታትሏል። በ1958 እ.ኤ.አ. ባወጣው መጽሐፍም ነገሩ ከቴአትር ጋር ያለውን ዝምድና መረመረ። እምነት ነው ወይስ ጨዋታ የሚለው ክርክር ለእኔ ብዙም አይደለም። ለደራሲ የሚጠቅመው ሌላ ነው፦ ዛሩ ሲናገር የሚመልስለት ሰው አለ። ይጠይቃል፤ ይለምኑታል፤ ይደራደራሉ። በባሏ ፊት ቀና ብላ የማትናገር ሴት ዛሯ ሲመጣ ጌጥ ታዛለች፣ ሽቶ ታዛለች፣ ባልየው እየተንቀጠቀጠ ያመጣል። በቤቱ አማርኛ የማይባል ነገር ስለነበራት ሌላ አፍ አስፈለጋት። የእኛ የፈጠራ አገር ሰዎች እኮ በአማርኛ ሊሉት ያቃታቸው አንድም ነገር የላቸውም! ስለዚህ ቋንቋቸው ትርፍ ነው፤ ቢሰረዝ ታሪኩ አይጎድልበትም።

እርግጥ አፍ ሳይለውጥ የተናገረም አለ። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ፣ ከቢቸና ብዙም ሳይርቅ ዲማ ጊዮርጊስ ላይ፣ ካሳ ዳምጤ የሚባል ሰው አለ። ስለ ጌታና ስለ ጭሰኛ፣ ስለ ዘርና ስለ ሙያ የሚናገረው በጥሩ የጎጃም አማርኛ ነው፤ ዛር አልወረደበትም፤ ቃልም አልፈጠረም። የሚኖርበት ዓለም ግን ገና ያልመጣ ነው። የአገሩ ሰው እያንዳንዱን ቃል ያውቀዋል፤ ንግግሩን ግን ሊሰማው አልቻለም። ሰውየውን በሚያውቀው ቋንቋ ተረጎመውና «ጉዱ ካሳ» አለው።