ስድስት በ130

በምግብ እጥረት ክፉኛ የተጎዳ ሕፃን ከአቦከር ወረዳ ወደ ጀጎል ወይም ሕይወት ፋና ሆስፒታል ሲወሰድ የነርሷን እስክሪብቶ ልብ በሉልኝ። 6 ኪሎ ከመዘነ፣ 6 በ130 ተባዝቶ ኤፍ-75 የተባለው የሕክምና ወተት የቀን መጠን 780 ሚሊ ሊትር ይሆናል። ለስምንት ሲካፈል በየ3 ሰዓቱ 97.5፤ ተጠጋግቶ 100፤ ሌሊትም ጭምር። መጠጣት ካቃተው በአፍንጫው በገባው ቱቦ፣ ሳይገፋ፣ በዝግታ ይወርድለታል።

እኔን የሚማርከኝ ቁጥብነቱ ነው። አያት ብትሆን «ኧረ ጨምሩለት!» ትል ነበር፤ የደከመ ልብ ግን ድንገተኛ ጥጋብ አይችልም። ሰውነቱ ክፉኛ ካበጠማ ሚዛኑ የተጠራቀመውን ውሃም ስለሚቆጥር ማባዣው ወደ 100፣ የአንድ ጊዜው ድርሻም ወደ 75 ሚሊ ሊትር ዝቅ ይላል። ይህችን ቅናሽ ያሰበ ሰው ብልህ ነው።