ውዳሴ ንጉሠ ዓሣት

ጥልቁን ለመሠረተ፣ ለማዕበሉ ወሰን ለሰጠ፣ ትንሹንም ትልቁንም ከአንድ ማዕድ ለሚመግብ ለእርሱ ክብር ይሁንና፣ ከእጁ ሥራ ሁሉ ዛሬ አንደበቴ የሚያወድሰው አንተን ነው፤ ዌል ሻርክ ሆይ፣ የዓሦች ንጉሥ! በውኃ ከሚመላለሱ ሕያዋን ዓሦች መካከል በቁመትም በክብደትም የሚተካከልህ የለም። ዓሣ ነባሪ በአካል ይበልጥሃል፤ እርሱ ግን በሳንባ የሚተነፍስ፣ ግልገሉን የሚያጠባ ነውና ዘውድህን አይቀናቀንም። እ.ኤ.አ. በ1949 በካራቺ አጠገብ የተያዘው ወገንህ ርዝመቱ 12.65 ሜትር፣ ክብደቱም 21 ቶን ተኩል ገደማ ነበር፤ በ2001 በዓረብ ባሕር የተመዘገበው ደግሞ 18.8 ሜትር ደረሰ። ይህን ያህል ገዝፈህ ሳለ ለሊቃውንት ዘግይተህ ተገለጥህ። በ1828 ከኬፕ ታውን ፊት ለፊት፣ በቴብል ቤይ በጦር የተወጋውን ታዳጊ ሐኪሙ አንድሩ ስሚዝ መርምሮ እስኪጽፍልህ ድረስ በሊቃውንት መዝገብ ስፍራ አልነበረህም።

የመልክዕ ደራስያን የሚያወድሱትን ከራስ ጠጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ፣ አካሉን በየተራ እየጠሩ ሰላም ይሉታል። እኔም በእነርሱ ሥርዓት እሄዳለሁ።

ሰላም ለአፍህ! ወርዱ አንድ ሜትር ተኩል ያህላል፤ ከ300 በሚበልጥ ረድፍ የተሰለፉ ጥርሶችም አሉበት። ጥርሶችህ ግን እጅግ ጥቃቅን ናቸው፤ ሥጋ አይቦጭቁም፣ አጥንት አይሰብሩም። ሲርብህ አፍህን ከፍተህ በዝግታ ትቀዝፋለህ። ውኃው ይገባል፣ በጉሮሮህ ግራና ቀኝ በተዘረጉት ማጥለያዎች ላይ ይንሸራተታል፣ በየጎንህ ባሉት አምስት አምስት ስንጥቆች ይወጣል፤ ፕላንክተኑ፣ ክሪሉና የዓሣው ዕንቁላል ወደ ኋላ ተሰብስቦ ይዋጣል። የዚህ ማጥለያ ጥበብ ከግዝፈትህ ይልቅ ያስደንቀኛል። የቤታችን ወንፊት የሚነፋውን ፊት ለፊት ስለሚቀበል ፈጥኖ ይደፈናል፤ በአንተ አፍ ውስጥ ግን ውኃው ማጥለያውን በጎን እየታከከ ስለሚያልፍ፣ ምግቡ ቀዳዳውን ሳይዘጋ ወደ ጉሮሮህ ይነዳል። የተጠራቀመ ቢኖር እንኳ በአንድ ሳል ጠርገህ ታወጣዋለህ። ማዕዱ በበዛበት ስፍራ ጅራትህን ወደ ታች፣ አፍህን ወደ ላይ አድርገህ ቀጥ ብለህ ትቆማለህ፤ ውኃውንም ትስባለህ። በኳታር የባሕር ክልል፣ በአል ሻሂን የነዳጅ መስክ፣ በሐሩሩ ወራት የቱና ዘመዶች ዕንቁላላቸውን ሲጥሉ፣ ከብረት ምሰሶዎቹ ሥር መቶ የሚደርሱ ወገኖችህ ለዚያ ግብር ይታደማሉ። በዶሃ የምትኖሩ ወገኖቼ፣ ይህ የነገሥታት ጉባኤ ከደጃችሁ ብዙ ሳይርቅ እንደሚውል ዕወቁልኝ።

ሰላም ለዓይንህ፣ የዓይን ቆብ ለሌለው! ከኦኪናዋ የተነሡ ተመራማሪዎች በ2020 እንደጻፉት፣ የዓይንህ ገጽ ራሱ ጥርስ መሰል በሆኑ ደቃቅ ቅርፊቶች ተሸፍኗል፤ አደጋ ሲመጣም ወደ ጎድጓዳው ሰብስበህ ትሰውረዋለህ። ሠሪህ የጦር ልብስን ከዓይንህ እንኳ አልነፈገም።

ሰላም ለጀርባህ፣ የሌሊትን ሰማይ ለለበሰው! ነጫጭ ነጠብጣቦችህ ከአንዱ ወገንህ ወደ ሌላው አይደገሙም። የሥነ ፈለክ ሊቃውንት አንድን የከዋክብት ሥዕል ከሌላው ለማመሳከር፣ ሦስት ሦስት ከዋክብትን በሦስት ማዕዘን እያያዙ የሚያነጻጽሩበት ስሌት ነበራቸው። በ2005 የጠፈር ተመራማሪው ዛቨን አርዙማኒያን፣ የኮምፒውተር ባለሙያው ጄሰን ሆልምበርግና የባሕር ተመራማሪው ብራድ ኖርማን ያንኑ ስሌት በአንተ ቆዳ ላይ አዋሉት። ከዚያ ወዲህ ጠላቂ ጎንህን በካሜራ ሲያነሣ፣ ከዓመታት በፊት በሌላ ባሕር የታየኸው አንተው መሆንህ ይለያል። ለሰማይ የተሠራ ዕውቀት ለማንነትህ ምስክር ሆኖ መቆሙን ሳስብ፣ ከዚህ የሚበልጥ ክብር ለየትኛው ዓሣ ተሰጠ እላለሁ።

ሰላም ለእናቶችህ ማኅፀን! በ1995 በታይዋን የተያዘችው እናት 300 ያህል ሽሎች ተሸክማ ተገኘች፤ ገሚሶቹ ገና በዕንቁላላቸው፣ ገሚሶቹ ከዕንቁላል ወጥተው ለመወለድ የደረሱ። ከሻርኮች ሁሉ ይህን ያህል ፍሬ የተቆጠረባት ሌላ እናት የለችም። የሰው ልጅ ይህን ምሥጢር የተማረው በሞቷ ስለሆነ፣ እርሷን ሳነሣ ምስጋናዬ ከኀዘን ጋር ነው።

ሰላም ለጉዞህ! ተመራማሪዎች አን ብለው የሰየሟት እንስት በ2011 በፓናማ፣ በኮይባ ደሴት አጠገብ የሳተላይት ምልክት ታሰረላት፤ ፓሲፊክን አቋርጣ፣ 20,142 ኪሎ ሜትር ተጉዛ፣ እስከ ማሪያና ጥልቅ ሸለቆ ዘለቀች። ወደ ታችም ስትጠልቅ ከ1,900 ሜትር በላይ ትወርዳለህ፤ የፀሐይ ብርሃን ወደማይደርስበት።

ሰላም ለዕድሜህ፣ የሰው ቁጣ ሳይወድ ለመሰከረለት! በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ በኑክሌር ቦምብ ሙከራዎች አየር ላይ የተበተነው ካርቦን 14 ወደ ባሕር ሰርጎ፣ በአከርካሪህ ቀለበቶች ውስጥ ተቀመጠ። በዚያ ምልክት ተመርተው ቀለበቶቹን የቆጠሩ ሊቃውንት፣ ከወገኖችህ አንዱ 50 ዓመት እንደኖረ በ2020 ገለጹ።

ከአንተ በፊት የነገሡትንም አልዘነጋም። ከ165 ሚሊዮን ዓመታት በፊት በዛሬዋ እንግሊዝ በነበረው ባሕር የኖረው ሊድሲክቲስ ከባለ አጥንት ዓሦች ሁሉ የገዘፈው ነበር፤ ርዝመቱ 16 ሜትር እንደሚደርስ ይገመታል። አጥንቱን ከፒተርቦሮ ሸክላ የሰበሰበው ገበሬው አልፍሬድ ሊድስ ነው፤ በ1889 ስሙን ያወጣለት አርተር ስሚዝ ውድዋርድም ስያሜውን በሰብሳቢው አከበረ። ዘሩ ከዘርህ የራቀ፣ አጥንቱም ከልም አጥንትህ የተለየ ሆኖ ሳለ፣ እርሱም እንደ አንተ ውኃ እያጠለለ፣ ጥቃቅኑን እየለቀመ ገዘፈ። ዛሬም በግዝፈት የሚከተልህ ባስኪንግ ሻርክ በዚሁ መንገድ ይኖራል። ታናናሾችን በመመገብ ታላቅ የመሆን ጥበብ በባሕር ታሪክ ደጋግሞ የተወለደ ነው።

ሜጋሎዶንን ንጉሥ የሚሉ ብዙዎች ናቸው። ጥርሱ 17 ሴንቲሜትር የሚደርስ፣ ዓሣ ነባሪ የሚያድን ኃያል ነበር፤ በርዝመትም ሳይበልጥህ አይቀርም። አጽሙ ልም አጥንት ስለነበር ፈርሶ፣ ለእኛ የተረፉን ከሁሉ በላይ ጥርሶቹ ናቸው። የጥንት አውሮፓውያን እንዲህ ያሉትን ጥርሶች ድንጋይ የሆኑ ምላሶች ይሏቸው ነበር፤ በሊቮርኖ አቅራቢያ የተያዘን ሻርክ ራስ በፍሎረንስ የቀደደው ኒኮላስ ስቴኖ በ1667 የሻርክ ጥርስ መሆናቸውን እስኪያስረዳ ድረስ። ኃያልነቱን አልክድም፤ ነገር ግን ከ3 ሚሊዮን ዓመታት ገደማ በፊት አልፏል፣ የማከብረውም በአንተ ዙፋን ላይ ሳላስቀምጠው ነው።

በአደባባይህ የሚቆሙ መኳንንትም አሉህ። በ2021 በአዞረስ ደሴቶች የተገኘውና 2,744 ኪሎ ግራም የመዘነው ግዙፍ ሞላ፣ ዛሬ ካሉት ባለ አጥንት ዓሦች በክብደት አቻ ያልተገኘለት፤ ቢያንስ 270 ዓመት እንደሚኖር የተመሰከረለት የግሪንላንድ ሻርክ፣ የሽማግሌዎች ሽማግሌ፤ በጃፓን አጠገብ በ8,336 ሜትር ጥልቀት በካሜራ የታየው ስኔልፊሽ፤ በ2022 ከሜኮንግ ወንዝ ወጥታ፣ 300 ኪሎ መዝና፣ በሕይወት ወደ ውኃዋ የተመለሰችው ስቲንግሬይ። የሱማትራዋ ፔዶሲፕሪስም 7.9 ሚሊ ሜትር ሆና ለአካለ መጠን ትደርሳለች፤ እርሷንም ከታላላቆቹ ጋር እቆጥራታለሁ።

ወደ እኛ ደጅ ስትመጣ ደግሞ ምስጋናዬ ልመና ይሆናል። ከጥቅምት ጀምሮ ባሉት ወራት በጅቡቲ የታጁራ ባሕረ ሰላጤ፣ በአርታ ዳርቻ፣ ልጆችህ ለፕላንክተን ይሰበሰባሉ፤ አብዛኞቹ ገና ታዳጊ ወንዶች ናቸው። አብዛኛው የኢትዮጵያ ገቢና ወጪ ዕቃም የሚያልፈው በዚያው ባሕረ ሰላጤ አፍ ነው። በዓለም ዙሪያ ምልክት የታሰረላቸው 350 ያህል ወገኖችህ የተጠኑበት የ2022 ሥራ እንዳሳየው፣ ከሚመላለሱበት የባሕር ገጽ 92 በመቶው በታላላቅ መርከቦች መንገድ ላይ ይውላል። መርከብ የገደለህ እንደሆነ ሬሳህ ይሰጥማልና ማንም አያይም፣ ማንም አይቆጥርም። እንግዲህ ዘይታችንን፣ ማዳበሪያችንንና ስንዴያችንን የምታመጡ የመርከብ አዛዦች ሆይ፣ በዚያ ወራት ወደ ጅቡቲ ስትቃረቡ ፍጥነታችሁን ቀንሱ፤ የወደብ ባለሥልጣናትም የመሰብሰቢያውን ስፍራ በካርታቸው ላይ ያስምሩ።